ዘፈኑ ቀርቶ ትወናው የጠፋበት መድረክ

እ.ኤ.አ. በ1929 እንግሊዛዊው የፊልም አዘጋጅ አልፍሬድ ሂችኮክ «ብላክሜይል» የተሰኘውን ፊልሙን ሲሠራ ያልታሰበ ችግር ገጠመው። ዋናዋ ተዋናይት አኒ ኦንድራ ፕራግ ያደገች ናት። ሥራው በድምፅ አልባነት ሲጀመር አነጋገሯ ማንንም አላሳሰበም ነበር። መሐል ላይ ፊልሙ ባለድምፅ እንዲሆን ሲወሰን ግን የለንደን ባለሱቅ ልጅ ሆና የምትጫወት ሴት በቼክ ቅላጼ እንግሊዝኛ ብትናገር ተመልካች አይቀበላትም ተባለ። ድምፅን ለብቻው ቀርጾ በኋላ ከምስሉ ጋር ማዋሃድ በዚያ ጊዜ ገና አልተለመደም። ስለዚህ ጆአን ባሪ የምትባል እንግሊዛዊት ተዋናይት ካሜራው በማያገኛት ቦታ ቆማ ቃሉን ትናገር፣ ኦንድራም ከንፈሯን እያንቀሳቀሰች ትጫወት ጀመር። የጆአን ባሪ ስም በፊልሙ ላይ አልተጻፈም። እንዲያም ሆኖ የማንኛዋ ድርሻ የቱ እንደሆነ ዛሬ በትክክል እናውቃለን፤ ፊልሙ አለ፣ የአሠራሩም ታሪክ ተመዝግቧል። ኦንድራ ባደገችበት የሙያ ዓለም ደግሞ ነገሩ ከዚህም ይጠብቃል። ፕራግ ውስጥ እ.ኤ.አ. በ1943 የተቋቋመ የፊልም ቤተ መዛግብት አለ። በ1930ዎቹ በባራንዶቭ ስቱዲዮ በተሠራ ፊልም የቤት ሠራተኛ ሆና በር ከፍታ የዘጋች፣ የአገሯ ሰው እንኳ የማያስታውሳት ተዋናይት ብትሆን ስሟንና ፊቷን መፈለጊያ ቦታ አላት።

በዚያው በ1943 ሐርጌሳም አንድ ነገር ተቋቁሞላት ነበር። እንግሊዞች በሚያስተዳድሯት በዚያች የሶማሊ ከተማ ራዲዮ ኩዱ የሚባል ጣቢያ ሥራ ጀመረ፤ በኋላ ራዲዮ ሐርጌሳ የተባለው እሱ ነው። ፕራግ ምስል የሚያስቀር ተቋም ስታገኝ ሐርጌሳ ድምፅ የሚያስቀር ተቋም አገኘች ማለት ነው። ይህ ልዩነት ቀላል ይመስላል፤ ግን የሐርጌሳ መድረክ ሴቶች ዕጣ በአብዛኛው በእሱ የተወሰነ ይመስለኛል። ስለ እነዚህ ሴቶች ሲነሳ ዘወትር የሚሰጠው ማብራሪያ ሌላ ነው፦ የተረሱት ማኅበረሰቡ ስላፈረባቸው፣ ሃይማኖትና ጎሳ ስለተጫናቸው ነው ይባላል። ጫናው እውነት ነው። መረሳታቸውን ግን አያስረዳም። ያፈረባቸው ሕዝብ ራሱ ይወዳቸው ነበር፤ ዘፈኖቻቸውም እስከ ዛሬ ይዘፈናሉ። የጠፋው ከሥራቸው አንዱ ክፍል ብቻ ነው፤ ትወናቸው። አንዱን አስቀርቶ ሌላውን የሚያጠፋ ነገር ሲኖር ምክንያቱን መፈለግ ያለብን ሁለቱን ከሚያመሳስለው ሳይሆን ከሚለያያቸው ዘንድ ነው።

ሴቶቹ ወደ መድረክ የመጡበትን መንገድ ባጭሩ ማየት ያስፈልጋል። እ.ኤ.አ. በ1940ዎቹ አብዲ ሲኒሞ የሚባል የጭነት መኪና ሾፌር በልዎ የተሰኘውን አጭር የፍቅር ግጥም በዜማ እያዜመ በአገሩ አስፋፋ። የሃይማኖት አባቶች አወገዙት፤ ወጣቱ ግን በየመንገዱና በየሻይ ቤቱ ያዘው። ከአብዲ ጋር አብረው ካዜሙት መካከል ኸዲጃ ኢዬ ደራር አንዷ ነበረች። በአደባባይ ያዜመች ሴት በመሆኗ ሕዝቡ «ኸዲጃ በልዎ» እያለ በዜማው ስም ጠራት። ከበልዎ ቀጥሎ ኡድ የተባለውን የክር መሣሪያ ይዞ የመጣው ትውልድ፣ አብዱላሂ ቀርሼን የመሰሉት፣ ዘመናዊውን የሶማሊ ዘፈን መሠረቱ። እ.ኤ.አ. በ1950ዎቹ አጋማሽ «ዋላላሃ ሐርጌሳ»፣ የሐርጌሳ ወንድማማቾች፣ የተባለው ቡድን ተነስቶ ዘፈንና ቴአትር አንድ ላይ ያቀርብ ጀመር። በመጀመሪያዎቹ ቴአትሮች የሴት ገጸ ባሕርይ የሚጫወቱት ወንዶች ነበሩ፤ እናትም ሚስትም ሙሽራም ሆኖ የሚወጣው ወንድ ነው። በራዲዮው በኩል ግን በ1950ዎቹ መጀመሪያ ሻሚስ አቦኮር የምትባል ወጣት ገብታ ነበር። ዘመዶቿ እንዳያውቋት በራሷ ስም አልዘፈነችም፤ «ጉዱዶ አርዎ» በሚል የብዕር ስም የመሰለ መጠሪያ ተሸሸገች። በራዲዮ ሐርጌሳ ድምፃቸው ከተሰማ የመጀመሪያዎቹ ሴቶች አንዷ እሷ ናት።

የጉዱዶ ታሪክ አብዛኛውን ጊዜ ለነውሩ ማስረጃ ተደርጎ ይነገራል፤ ስሟን እስክትደብቅ ድረስ ተጨነቀች ለማለት። እኔ ደግሞ ለተቃራኒው ሐሳብ ከእሷ የተሻለ ማስረጃ የለም እላለሁ። ከዚያ ዘመን ሴቶች ሁሉ ይበልጥ የተሸሸገችው እሷ ናት፤ ከሁሉም ይበልጥ የምትታወሰውም እሷ ናት። ነውር የሚያስረሳ ቢሆን ኖሮ መጀመሪያ የምትረሳው ጉዱዶ መሆን ነበረባት። ያልተረሳችው ድምፅዋ ማይክሮፎን ፊት ስለደረሰ ነው። አድማጩ እውነተኛ ስሟን ባያውቅም ድምፅዋን ለይቶ ያውቃል፣ የተሰጠውን ስም ይዞ ይጠራታል፣ ለልጁም ይነግራል። ከእሷ በኋላ መድረኩ ቀስ በቀስ ለሴቶች ሲከፈት፣ ወንዶቹም የሴት ልብስ መልበሱን ሲተዉ፣ በብዙ ሰው ፊት ቆመው የተጫወቱት ሴቶች ከጉዱዶ ያነሰ ተሸሸጉ፤ ፊታቸው ታይቷል። ከእነሱ ውስጥ ግን ዘፈን ያላቸው በዘፈናቸው ሲታወሱ፣ ሥራቸው በዋናነት ትወና የነበረው ከተመልካቾቻቸው ጋር እያረጁ ሄዱ።

«ይህ የየትም አገር ቴአትር ዕጣ ነው» የሚል አንባቢ ይኖራል፤ ፊልምን ከመድረክ ጋር ማወዳደሬንም ይቃወማል። ፕራግም ብትሆን ካሜራ ያላያት የመድረክ ተዋናይት ጠፍታለች፤ ቴአትር ሲያልቅ አልቋል። ተቃውሞው ጠንካራ ነው፤ ግማሹንም እቀበላለሁ። ነገር ግን የአውሮፓ መድረክ ተዋናይት ስትጠፋ ቢያንስ የተናገረችው ቃል ይቀራል፤ ጸሐፊው ጽፎታልና። የሶማሊ ቴአትር፣ ባገሬው አጠራር ሪዋያድ፣ በዚህ ረገድ የተለየ አሠራር አለው። ደራሲው የሚደርሰው በዋናነት ግጥሙን ነው። ግጥሙ የቤት አመታት ሕግ የሚጠብቅ፣ ከመስመር መስመር በአንድ ፊደል ድምፅ የሚተሳሰር ጥብቅ ሥራ ነው፤ ተዋናዩም ሆነ ተዋናይቱ አንድ ቃል እንዲለውጡ አይፈቀድላቸውም። በግጥሞቹ መካከል ያለው ተራ ንግግር ግን አብዛኛውን ጊዜ የተዋንያኑ ነው። ደራሲው ታሪኩን ያስረዳል፣ ማን ምን እንደሚፈልግና ትዕይንቱ የት እንደሚደርስ ይነግራል፤ ቃሉን የሚፈጥሩት መድረክ ላይ ያሉት ናቸው። ተመልካቹ ሲስቅ ያስረዝሙታል፣ ሲሰለች ያሳጥሩታል፣ የከተማዋን የሰሞኑ ወሬ ይጨምሩበታል።

ይህ ማለት የሐርጌሳ ተዋናይት ከቃል አስተላላፊነት ያለፈች ነበረች ማለት ነው፤ የድርሰቱ ተካፋይ ነበረች። ባሏን የምትሞግት ሚስት ሆና ስትወጣ የሙግቱን ቃል የምታወጣው ከራሷ ነው፤ አማቷን የምትፈራ ሙሽራ ስትሆን ፍርሃቱን በየትኛው ዓረፍተ ነገር እንደምታሳየው የምትወስነው እሷ ናት። የግጥሙ ባለቤት ታወቀ፣ ተከበረም፤ የንግግሩ ባለቤት ግን ስሟን የምታኖርበት ቦታ አልነበራትም። በዚያ ላይ ሶማልኛ የራሱ መደበኛ ጽሕፈት ያገኘው እ.ኤ.አ. በ1972 የላቲን ፊደል በይፋ ሲታወጅ ነው። ከዚያ በፊት የትወና ድርሻን በጽሑፍ ማጥናት የተለመደ አልነበረም፤ ተዋንያኑ ግጥሙን እየሰሙ ያጠኑት ነበር። ሐሰን ሼኽ ሙሚን እ.ኤ.አ. በ1968 ያቀረበው «ሸቤልናጎድ» የተባለ ቴአትር በዚህ ረገድ ዕድለኛ ነው። ሴቶችን በሐሰት ጋብቻ እያታለለ የሚጥል ሰው ታሪክ ሲሆን፣ የሶማልኛ ምሁሩ አንጄየቭስኪ ወደ እንግሊዝኛ መልሶት እ.ኤ.አ. በ1974 ከነሶማልኛው በመጽሐፍ ታተመ። የደራሲውም ስም አልጠፋም፤ የዛሬው የሶማሊላንድ ብሔራዊ መዝሙር የእሱ ድርሰት ነው። ለአንድ «ሸቤልናጎድ» ግን ሳይጻፉ የቀሩ እጅግ ብዙ ቴአትሮች አሉ። የታተመውም ቢሆን ቴአትሩ ከነበሩት ብዙ መልኮች አንዱን ነው ያስቀረልን፤ ሽፋኑ ላይ ያለው የደራሲው ስም ነው፣ የተታለለችውን ልጅ ሆና ተመልካቹን ያስለቀሰችው ሴት በሽፋን አልወጣችም።

ነገሩ የሶማሊዎች ብቻ አለመሆኑን አዲስ አበባ ታስረዳናለች። አስናቀች ወርቁ በኢትዮጵያ አቆጣጠር በ1940ዎቹ መድረክ ላይ ስትወጣ በኢትዮጵያም የሴት ገጸ ባሕርይ የሚጫወቱት ወንዶች ነበሩ፤ አገሪቱ ካየቻቸው የመጀመሪያዎቹ ሴት ተዋንያን አንዷ ሆነች። አዝማሪ መባል ስድብ በነበረበት ጊዜ ክራር ይዛ ዘፈነችም፣ ተወነችም። ለዓመታት የኖረችው በመድረክ ሥራ ነው፤ የሙያዋ ሰዎች መጀመሪያ ተዋናይት፣ ቀጥሎ ዘፋኝ አድርገው ነው የሚያነሷት። ዛሬ አንድ ወጣት አስናቀችን በምን ያውቃታል ብንል ግን መልሱ ክራሯ ነው። ዘፈኖቿ ሸክላ ላይ ተቀረጹ፤ «ኢትዮፒክስ» የተባለው ተከታታይ እትም አሥራ ስድስተኛውን ሰጥቷት እ.ኤ.አ. በ2003 በዓለም ገበያ ዋለ። ትወናዋ ግን እንዲህ ያለ ዕድል አላገኘም። አንዲት ሴት፣ አንድ ዘመን፣ አንድ ማኅበረሰብ፣ በሁለቱም ሙያ አንድ ዓይነት ንቀት፤ ከሁለቱ ሥራዎቿ የቀረው መቅረጫ መሣሪያ ያገኘው ነው። ነውር ያስረሳል የሚለው ማብራሪያ እዚህ ላይ ፈጽሞ ይቆማል፤ በክራሯ የተሰደበችው ሴት የምትታወሰው በዚያው በክራሯ ነውና።

ሁለተኛው ተቃውሞ ጦርነቱን የሚያነሳ ነው። እ.ኤ.አ. በግንቦት 1988 መጨረሻ የሶማሊ ብሔራዊ ንቅናቄ ተዋጊዎች ሐርጌሳ ሲገቡ የሶማሊያው የሲያድ ባሬ መንግሥት ከተማዋን በመድፍና በአውሮፕላን ደበደበ፤ አውሮፕላኖቹ የሚነሱት ከዚያችው ከተማ አየር ማረፊያ ነበር። ከተማዋ ከሞላ ጎደል ፈረሰች፤ ቴአትር ቤቱም ከፈረሱት ውስጥ ነው። በመቶ ሺህ የሚቆጠር ሕዝብ ወደ ኢትዮጵያ ተሰደደ፤ ጅጅጋ አጠገብ ያለችው ሐርተሼክ በአንድ ወቅት በዓለም ትልቅ ከሚባሉት የስደተኛ ጣቢያዎች አንዷ እስከመሆን ደረሰች። ታዲያ ተዋንያኑን ያስረሳው ይህ ሁሉ ውድመት አይደለም ወይ? ነው፤ ግን ውድመቱም ቢሆን እኩል አላጠፋም። ድብደባው ሳይደርስ የራዲዮ ሐርጌሳ ሰዎች የዘፈን ቴፕ ክሮችን መሬት ቆፍረው ቀበሩ፤ ጥቂቱንም ድንበር አሻግረው ወደ ኢትዮጵያና ወደ ጅቡቲ አወጡ። ሞት እየመጣ መሆኑን እያወቁ ጊዜያቸውን ለአንድ ጥቅል ቴፕ የሰጡ ሰዎች ያደረጉት ነገር ከማደንቃቸው የሰው ልጅ ሥራዎች አንዱ ነው። ከጦርነቱ በኋላ ክሮቹ ከመሬት ወጡ፤ ከነዚህና ከተረፉ ካሴቶች የተመረጡ ዘፈኖች እ.ኤ.አ. በ2017 «ስዊት አዝ ብሮክን ዴትስ» በሚል ርእስ ታትመው ለግራሚ ሽልማት እስከመታጨት ደረሱ። መቅበር የሚቻለው ግን የሚጨበጥን ነገር ነው። የተዋናይት የአንድ ምሽት ንግግር ጥቅል ኖሮት ቢሆን እሱንም ይቀብሩት ነበር።

ስደት ላይም የሆነው ተመሳሳይ ነው። መርየም ሙርሳል በሞቃዲሾ ዋበሪ በተባለው የመንግሥት ቡድን ውስጥ ነበረች፤ ዋበሪ የዘፈን ብቻ ሳይሆን የቴአትርም ቡድን ነው። መንግሥትን በዘፈን በመንካቷ ከመድረክ ታግዳ ታክሲ እየነዳች ልጆቿን አሳደገች፤ አገሩ ሲፈርስ ተሰድዳ ዴንማርክ ገባች፤ እ.ኤ.አ. በ1998 ያወጣችው አልበም በአውሮፓ አስከበራት። አውሮፓ የተቀበለቻት ግን ዘፋኟን ነው። ቋንቋ የማያውቅ አድማጭ ዜማ ይገባዋል፤ የመድረክ ቃል ጨዋታ አይገባውም። ዴንማርክ ውስጥ ሶማልኛ የሚናገር ገጸ ባሕርይ ፈጥራ የምትጫወት ሴት የት ትሥራ? ዘፋኝዋ ሙያዋን ይዛ መሰደድ ቻለች፤ ተዋናይት ብቻ የሆነችው ድንበሩን ስታልፍ ሙያዋን ትታ አለፈች።

ከሁሉም ይበልጥ የማከብረው ተቃውሞ ግን በሶማሊ ባህል ላይ የቆመው ነው። ሶማሊ ያለ ጽሑፍ የኖረ፣ ያለ ጽሑፍም ያልረሳ ሕዝብ ነው፤ የገጣሚው የሰይድ መሐመድ አብዱሌ ሐሰን ግጥሞች ከመቶ ዓመት በላይ በቃል ተላልፈዋል። ግጥም የሚያነበንብ ሰው የገጣሚውን ስም መጥራትና ቃሉን አለመለወጥ ግዴታው ነው፤ ይህን ያህል ጠንካራ የባለቤትነት ሕግ ያላቸው ብዙ የተጻፉ ሥነ ጽሑፎች የሉም። እንዲህ ያለ ሕዝብ ቤተ መዛግብት ምን ያደርግለታል? መልሴ፣ ሕጉ የሚጠብቀው ቃልን ነው የሚል ነው። በቃል የሚተላለፍ ነገር ሊደገም የሚችል መሆን አለበት፤ ግጥም ይደገማል፣ ዜማም ይደገማል። ተዋናይቱ ዝም ያለችበት ቅጽበት፣ ድምፅዋን ያወረደችበት ቦታ፣ ለአንድ ምሽት ብቻ የፈጠረችው መልስ አይደገምም፤ ለሕጉም የሚመች አይደለም። የሶማሊ ትዝታ ደካማ ሆኖ አይደለም የረሳቸው። ሊሸከመው ከሚችለው ውጭ የሆነ ነገር ስለነበራቸው ነው። ለዚህ ዓይነቱ ነገር ነው መሣሪያና መዝገብ የሚያስፈልገው።

«ስማቸውን የደበቁ ሴቶች ናቸው፤ አሁን ማን ፈቅዶላችሁ ታወጡታላችሁ?» የሚለው ጥያቄም ይነሳል፤ ሊነሳም ይገባል። የጉዱዶ እውነተኛ ስም በሕዝብ ዘንድ ታውቋል፤ ያልታወቁት ግን ልጆችና የልጅ ልጆች አሏቸው፤ በከተማውም ይኖራሉ። አንዲት ሴት በወጣትነቷ አምስት ዓመት ተውና፣ አግብታ፣ ያንን ዘመን ለማንም ሳትናገር ብትኖር ያ መብቷ ነው፤ ታሪክ እወዳለሁ የሚል ሁሉ በሯን ሊያንኳኳ አይገባም። ነገር ግን ሙያን መመዝገብ የግድ ሰውን ማጋለጥ አይደለም። የመድረክ ስም ራሱ ስም ነው፤ እሷ የመረጠችው፣ ሥራዋን የፈረመችበት። በዚህ ቴአትር፣ በዚህ ዓመት፣ ይህንን ገጸ ባሕርይ የተጫወተችው ይህን የመድረክ ስም የያዘችው ናት ማለት ምሥጢሯን ሳይነካ ሥራዋን ይመልስላታል። ምርጫዋን ማክበርና ሥራዋን መጣል ሁለት የተለያዩ ነገሮች ናቸው።

ይህን ማድረግ ደግሞ ዛሬ ይቻላል፤ ነገ ግን አጠራጣሪ ነው። ሐርጌሳ እ.ኤ.አ. ከ2008 ጀምሮ በየዓመቱ የመጻሕፍት ዐውደ ርእይ የምታዘጋጅ ከተማ ናት፤ በ2014 የተከፈተው የባህል ማዕከሏም ከአሥር ሺህ የሚበልጡ ካሴቶችና ክሮች ሰብስቦ ይዟል። ዘፋኟ ሳህራ ሐልገን ከፈረንሳይ ስደቷ ተመልሳ «ሂዶ ዳውር» የተባለ የባህል ምሽት ቤት ከፍታለች፤ ሴት በአደባባይ ስትዘፍን የሚያጉረመርም ሰው ባልጠፋበት ከተማ ይህ ቀላል ድፍረት አይደለም። ካሴት በየቤቱ ከገባ ወዲህ ሕዝቡ ዘፈን ብቻ አልቀዳም፤ ሙሉ ቴአትርም እየቀዳ እያባዛ ያዳምጥ ነበር። ስለዚህ ጠፋ ካልነው የተዋናይቱ ንግግር ቢያንስ ጥቂቱ፣ ያለ ፊትና ያለ እንቅስቃሴ፣ በእነዚያ ቴፖች ላይ አለ። መዝገቡ የገጣሚውንና የዘፋኙን ስም ብቻ ይዞ ከቀረ ግን እዚያው ካሴት ውስጥ ሆና ሁለተኛ ትጠፋለች። ለእያንዳንዱ ቴአትር እያንዳንዱ ድምፅ የማን እንደሆነ መጠየቅና መጻፍ ያስፈልጋል፤ ድምፁን ሰምቶ መለየት የሚችለው ደግሞ እ.ኤ.አ. በ1960ዎቹና በ1970ዎቹ አዳራሹ ውስጥ የተቀመጠ ተመልካች ነው። እነዚህ ሰዎች አሁን ሽማግሌዎችና አሮጊቶች ናቸው። ከመሐል ከተማ ጀምሮ እንደ አያሃ ባሉ፣ ከስደት ተመላሾችና ተፈናቃዮች በሰፈሩባቸው የዳር ሰፈሮች ጭምር ይኖራሉ። ቴፑም ቢሆን በሙቀትና በአቧራ በየዓመቱ እየደከመ ነው።

ለአስናቀች ወርቁ እንዲህ ያለ ሥራ በስተመጨረሻ ተሠርቶላታል። የፊልም ሠሪዋ ራሔል ሳሙኤል አስናቀች በሕይወት ሳለች ደርሳባት፣ ራሷን አናግራ፣ ያወቋትንም ጠይቃ ያዘጋጀችው ዘጋቢ ፊልም ባለታሪኳ እ.ኤ.አ. በ2011 ካረፈች ከሁለት ዓመት በኋላ ወጣ። የአስናቀችን ትወና አልመለሰም፤ የሚመልሰው የለም። ግን የት እንደተጫወተች፣ እነማን አብረዋት እንደነበሩ፣ መድረክ ላይ ስትወጣ ምን እንደተባለች ከራሷና ከባልደረቦቿ አንደበት ተይዟል። ሐርጌሳ ውስጥ ለዚህ የሚያስፈልገው አንድ መቅረጫ፣ የቴአትሮቹን ካሴት የሚያስደምጥ አንድ ማጫወቻና ቋንቋውን አሳምሮ የሚያውቅ፣ በትዕግሥት የሚያዳምጥ ሰው ነው። መጀመሪያ ሊጠየቁ የሚገባቸውም በመድረክ ታሪክ ውስጥ ስማቸው የማይነሳው፣ ልብስ የሰፉት፣ በር ላይ ቲኬት የቆረጡትና መጋረጃ የጎተቱት ናቸው፤ ተዋናይቱን በየምሽቱ፣ ቃሏ ሲለዋወጥ፣ ደጋግመው የሰሟት እነሱ ናቸውና።